ዘንዶ ሁሉ አንድ አይደለም፦ የቱን ላሥል ለምትሉ

ግድግዳ ላይ፣ ባጃጅ ላይ፣ ቲሸርት ላይ ወይም ክንዳችሁ ላይ ዘንዶ ማሣል ካሰባችሁ መጀመሪያ ይቺን አንብቡ። ሀዋሳ ውስጥ በሥዕል እንጀራውን የሚበላ ሰው ሁሉ የሚያውቀው ጭቅጭቅ አለ። ደንበኛው «ዘንዶ ሥራልኝ» ይላል። «የቱን?» ትለዋለህ። «እንዴ! ዘንዶ ዘንዶ ነው እንጂ» ይልና ስልኩን አውጥቶ ሦስት ፎቶ ያሳይሃል። አንዱ የቻይና ነው፣ አንዱ የእንግሊዝ ጋሻ ላይ ያለ ነው፣ ሦስተኛው ጭራሽ ዘጠኝ ራስ አለው። ከዚያ «እነዚህን ቀላቅልልኝ» ይመጣል። መቀላቀል ይቻላል። ግን የሚያውቅ ሰው ያየው ቀን ይስቃል፣ ሥዕሉ ደግሞ ባጃጁ እስኪሸጥ ድረስ እዚያው ነው።

ብዙ ሰው የሚመርጠው በመልክ ነው። ክንፍ አለው፣ እሳት ይተፋል፣ ያስፈራል፣ አለቀ። እኔ ግን ሌላ ነገር ነው የምጠይቀው፦ ይሄ አውሬ በምን ይሸነፋል? መልክማ ይመሳሰላል፤ ቅርፊትና ጥርስ የሌለው የለም። አሟሟታቸው ነው የማይገጥመው። አንዱ በተንኮል ይሞታል፣ አንዱ በእሳት፣ አንዱ ሰክሮ፣ አንዱ ገዳዩን ይዞት ይሄዳል፣ ጭራሽ የማይሞትም አለ። ሥዕላችሁ ምን እንደሚል የሚወስነው እሱ ነው።

እግሩን ቁጠሩ

ፎቶው የአውሮፓ ከሆነ ነገሩ በእግር ይለያል። አራት እግርና ሁለት ክንፍ ካለው ድራገን ነው። ሁለት እግርና ሁለት ክንፍ ካለው ዋይቨርን ይባላል፤ የፊት እግር የለውም። ክንፍ የሌለው፣ አንዳንዴ ሁለት አጫጭር እግር ያለው አንዳንዴም ምንም የሌለው ረጅሙ ሊንድዎርም ነው። ይህን ክፍፍል ያጠበቁት በተለይ የእንግሊዝ የጋሻ አርማ ሠዓሊዎች ናቸው፣ እሱም ከ16ኛው ክፍለ ዘመን ወዲህ። ከዚያ በፊት ሠዓሊው እንደመጣለት ነበር የሚሠራው። ዛሬም ፊልም ላይ ባለ ሁለት እግሩን ድራገን ይሉታል፣ በዚህ ከሰው ጋር አትጣሉ። ለሰፈር ቡድን አርማ የምታሠሩ ከሆነ ግን ይቆጠራል። ለባጃጅ ጎን ደግሞ ሊንድዎርም ይሻላል፤ ረጅም ስለሆነ ከፊት መብራቱ ጀምሮ እስከ ኋላ ይዘረጋል፣ ክንፍ የት ላድርግ የሚባል ጣጣ የለውም።

ስለ ሊንድዎርም አንድ የምወደው ታሪክ አለ። ኦስትሪያ ውስጥ ክላገንፉርት የምትባል ከተማ አደባባይ ላይ ትልቅ የድንጋይ ሊንድዎርም አለ፣ እ.ኤ.አ. በ1590 ገደማ የተሠራ (ከዚህ በኋላ የምጠራው ዓመት ሁሉ እ.ኤ.አ. ነው)። ቀራጺው ጭንቅላቱን ከየት አመጣው? በ1335 እዚያው አካባቢ ትልቅ የራስ ቅል ከመሬት ወጥቶ ነበር። ሰው ሁሉ የዘንዶ ነው ብሎ አስቀምጦታል፣ ቀራጺው እሱን እያየ ጠረበ። ኋላ ሲመረመር ቅሉ የአውራሪስ ሆነ፤ በበረዶ ዘመን የኖረ ጠጉራም አውራሪስ። ስለዚህ የዘንዶ ራስ መሣል ላቃተው ሠዓሊ አውራሪስን እያየ ቢጀምር ነውር የለውም፣ ተሞክሯል።

የነዚህ የአውሮፓዎቹ ድካም ብዙ ጊዜ ሆዳቸው ነው። ከላይ ቅርፊት፣ ከታች ለስላሳ። ፋፍኒር የሚባለውን የሰሜን አውሮፓ ዘንዶ ሲጉርድ የገደለው መንገዱ ላይ ጉድጓድ ቆፍሮ፣ ውስጡ ተደብቆ፣ በላዩ ሲያልፍ ከሥር ወግቶ ነው። ፋፍኒር ደግሞ ዘንዶ ሆኖ አልተወለደም፤ ወርቅ ታቅፎ ሲጠብቅ ነው የተለወጠው። ገንዘብ ሰውን ምን እንደሚያደርገው የሚያሳይ ሥዕል ከፈለጋችሁ ሌላ ቦታ አትሂዱ።

የኛዎቹ

እዚህ ላይ ልቆይ። አገር ውስጥ ሦስት ዘንዶ እያለን ፎቶ ከውጭ የምናወርደው ለምን እንደሆነ አይገባኝም።

አንደኛው አርዌ ነው። ከነገሥታቱ በፊት በአክሱም ምድር የነገሠ ዘንዶ ነው ይላል ትውፊቱ። ልብ በሉ፣ ዋሻ ውስጥ አድፍጦ መንገደኛ የሚበላ ተራ አውሬ አይደለም። ንጉሥ ነው። ግብር ይቀበላል። ከብት ይቀርብለታል፣ ልጃገረድ ይቀርብለታል። 400 ዓመት ገዛ የሚሉ አሉ። የገደለው አንጋቦ፣ አንዳንዱ አጋቦስ ይለዋል፣ ጦር ይዞ አልገጠመውም። አስቀድሞ ከሕዝቡ ጋር ተዋዋለ፤ ከገደልኩት ታነግሡኛላችሁ ብሎ። ከዚያ ፍየል መርዝ አበላና ፍየሏን እንደ ግብር አቀረበለት። አርዌ ግብሩን በላ፣ ሞተ። አንጋቦ ነገሠ፣ ልጁ ደግሞ ንግሥት ማክዳ ሆነች።

የንግሥተ ሳባ ታሪክ በትንንሽ ሳጥን ተከፋፍሎ የተሣለበትን ጨርቅ የባህል ዕቃ ሱቅ ውስጥ አይታችሁ ይሆናል፤ ብዙ ጊዜ 44 ሳጥን ነው። መጀመሪያዎቹ ሳጥኖች ላይ ፍየል አፉ ውስጥ ሲገባ የምታዩት እሱ አርዌ ነው። ሠዓሊዎቻችን በአብዛኛው እንዲሁ ግዙፍ እባብ አድርገው ነው የሠሩት። ክንፍ አልቀጠሉለትም። እናንተም አትቀጥሉለት።

ይሄው ታሪክ በትግራይ ሌላ መልክ ይዞ ይተረካል። እዚያ ላይ ልጅቷ ራሷ ለዘንዶው እንድትሰጥ ዛፍ ላይ ታስራለች። ጥላ ፈልገው ከዛፉ ሥር የተቀመጡ ቅዱሳን እንባዋ ይንጠባጠብባቸዋል፣ ቀና ብለው ያዩዋታል። ዘንዶው ሲመጣ በመስቀል ይገድሉታል፣ ግን ደሙ ተረከዟ ላይ ያርፍና እግሯ የአህያ ኮቴ ይሆናል። ሰሎሞን ዘንድ የሄደችው እግሯን ለመዳን ነው ይላል ይሄኛው። በመርዝ የሞተው አርዌ ስለ ብልጠትና ሥልጣን ነው፤ በመስቀል የሞተው ስለ እምነት ነው። ስም አንድ ሆኖ ሥዕሉ ሁለት ይሆናል። ፖለቲካ ቀመስ ተረት ለሚጽፍ ሰው የመጀመሪያውን እመክራለሁ፤ ግብሩን እየበላ የሚሞት ንጉሥ በየትም አገር ተረት አላገኘሁም።

ዛፍ ላይ ያለች ልጅ ስል ብሩታዊት ትዝ ብላችሁ ይሆናል። ሁለተኛው እንግዲህ የቅዱስ ጊዮርጊስ ዘንዶ ነው። ቤተ ክርስቲያን ግድግዳ ላይ፣ ታክሲ ውስጥ፣ ቢራ ጠርሙስ ላይ ሳይቀር ታውቁታላችሁ። ነጭ ፈረስ፣ ረጅም ጦር፣ ከኮቴው ሥር ዘንዶ፣ ዛፉ ላይ ብሩታዊት። ይሄ ዘንዶ አይነግሥም። የቤሩት ሰዎች እንዳያጠፋቸው ፈርተው ልጆቻቸውን ይሰጡታል እንጂ ዙፋን የለውም። የሚሞተውም ፊት ለፊት ነው። በአውሮፓው ትረካ ደግሞ ጊዮርጊስ መጀመሪያ ያቆስለዋል፣ ልጅቷ አንገቱን በመቀነቷ አስራ እንደ ገራም ውሻ እየጎተተች ከተማ ታስገባዋለች፣ እዚያ ሰው ሁሉ እያየ ይገደላል። ዘንዶ በመቀነት ሲጎተት! ይሄን የሣለልን የአገር ልጅ ቢኖር ደስ ይለኝ ነበር።

በባህላዊው የቤተ ክርስቲያን አሣሣል አንድ ሕግ አለ። ደጉ ሰው ፊቱን ወደ እናንተ ያዞራል፣ ሁለት ዓይኑ ይታያል። ክፉው በጎን ነው፣ አንድ ዓይን ብቻ። ዘንዶአችሁ የአገር ባህል መልክ እንዲኖረው ከፈለጋችሁ ክንፍና እሳት ከመጨመር ይልቅ ይቺን ሕግ ጠብቁ፤ ወዲያው የኛ ይመስላል። በነገራችን ላይ ቅዱሱን ትቶ ዘንዶውን ብቻ ከሥዕሉ ቆርጦ ባጃጅ ላይ መለጠፍ የሚፈልግ አይጠፋም። እኔ አልሠራም። ጠዋት ጠዋት ገብርኤል ደጅ የሚያወርዳቸው እናቶች ምን እንደሚሉት እሱ ያውቃል።

ሦስተኛውን ብዙ ሰው ይረሳዋል። የደብረ ዳሞውን። አቡነ አረጋዊ በ6ኛው ክፍለ ዘመን ገዳሙን ሲመሠርቱ ተራራው ቀጥ ያለ ገደል ነበረና መውጫ አጡ። ዘንዶ ከላይ ወርዶ ተሸክሞ አወጣቸው፣ ቅዱስ ሚካኤልም ሰይፉን መዝዞ እየጠበቀ። ዛሬ መነኮሳቱ የሚወጡት በቆዳ ገመድ ነው። ጥቅምት 14 በዓላቸው ሲከበር ሥዕሉን አይታችሁት ይሆናል፤ ጻድቁ ዘንዶውን ይዘው ገደሉ ላይ። ይሄኛውን ማንም አይገድለውም። ታዝዞ የሚያገለግል ነው። ለሥዕል ደግሞ ቀጥ ብሎ የሚወርድ ረጅም አካል ስላለው ለጠባብ ምሰሶ፣ ለደረጃ ግድግዳ፣ ለበር መቃን ይመቻል።

ሳልረሳው፣ ግሪኮችም ከዚህ ሰፈር ልጃገረድ አላቸው። አንድሮሜዳ ይሏታል፣ አባቷ ኬፌዎስ የኢትዮጵያ ንጉሥ ነው። እናቷ ካሲዮፔያ በቁንጅና ጉራዋን ነዛች፣ የባሕር አምላክ ተቆጣ፣ ኬቶስ የሚባል አውሬ ሰደደ፣ ልጅቷ ቋጥኝ ላይ ታሰረች፣ ፐርሴዎስ ደርሶ አዳናት። የግሪኮቹ ኢትዮጵያ የዛሬው ካርታ ላይ ያለችው አገር ብቻ አይደለችም፤ ከግብፅ በታች ያለውን ሁሉ ይጨምራል። ቦታውን ኢዮጴ የሚያደርጉም ነበሩ፣ የዛሬዋን ጃፋ፣ ያውም ከቅዱስ ጊዮርጊስ ልዳ ብዙ የማትርቀውን። የታሰረች ልጅ፣ የሚበላ አውሬ፣ ድንገት የሚደርስ ጀግና፤ መንገዱ አንድ ነው። አውሬው ግን ይለያል። ኬቶስን ጥንታዊ ሠዓሊዎች የሠሩት ረጅም አፍንጫና ጆሮ ያለው፣ ከወገቡ በታች ተጠማዝዞ የዓሣ ጭራ የሚሆን የባሕር አውሬ አድርገው ነው። በጊዮርጊስ ዘንዶ አትተኩት።

ራሱ ከአንድ በላይ ከሆነ

ብዙ ራስ ያለው ሁሉ ሃይድራ ይመስለናል። አይደለም። ቢያንስ አራት አሉ፣ ራሶቻቸው ደግሞ የተለያየ ሥራ ነው የሚሠሩት።

ሃይድራ የግሪክ ነው፣ ሌርና ከሚባል ረግረግ። ዘጠኝ ራስ አለው የሚለው የታወቀ ነው፣ ከዚህ ከፍና ዝቅ የሚያደርጉት ግን አሉ። አንዱን ስትቆርጠው በቦታው ሁለት ይበቅላል። ሄራክለስ ብቻውን አልቻለውም። የወንድሙ ልጅ ኢዮላዎስ የተቆረጠውን አንገት በእሳት እየተኮሰ ስላገዘው ነው የጨረሱት። መሃል ያለው አንድ ራስ የማይሞት ስለነበር ቀብረው ቋጥኝ ጫኑበት። ሰው የማያውቀው ቀጣዩን ነው። ሄራክለስ ቀስቶቹን በሃይድራው መርዝ ነከረ። ከዓመታት በኋላ በዚያ ቀስት የሞተ አንድ ጠላቱ ደም የነካው ልብስ ለበሰ፣ መርዙ ራሱ ላይ ዞረና ገደለው። ስለዚህ ሃይድራ የቆረጥከው ነገር ተመልሶ ሲመጣብህ ነው። ዕዳ፣ ሱስ፣ ሙስና፣ ለእንደዚህ ዓይነት ካርቱን የሚሆነው እሱ ነው። ስትሥሉት ቢያንስ አንዱን አንገት የተቆረጠና የሚያጨስ አድርጉት፣ ያለዚያ ዝም ብሎ ብዙ እባብ ነው።

የጃፓኑ ያማታ ኖ ኦሮቺ ስምንት ራስና ስምንት ጭራ አለው፣ ሰውነቱ ስምንት ሸለቆና ስምንት ኮረብታ ይሸፍናል፣ ጀርባው ላይ ዛፍ በቅሎበታል። ራሱ ቢቆረጥ አይበቅልም። ሱሳኖዎ የሚባለው አምላክ ያሸነፈው በመጠጥ ነው፤ ስምንት ትልልቅ ጋን የሩዝ መጠጥ አስደረደረ፣ እያንዳንዱ ራስ አንድ ጋን ውስጥ ገባ፣ ጠጣ፣ ሰከረ፣ ተኛ፣ ተከተፈ። ጭራውን ሲቆርጥ ሰይፉ ተሸረፈበት። ቢያየው ውስጥ ሌላ ሰይፍ አለ፣ የጃፓን ንጉሣዊ ቤተሰብ እስከዛሬ የሚያከብረው ሰይፍ። መጠጥ ቤት ያላችሁ ሰዎች፣ ስምንት ራስ ስምንት ጋን ውስጥ። ሌላ ምን ትፈልጋላችሁ?

የዮሐንስ ራእይ ቀይ ዘንዶ ላይ ብዙ ሠዓሊ ይሳሳታል። ምዕራፍ 12 ላይ ዘንዶው ሰባት ራስ፣ አሥር ቀንድና ሰባት ዘውድ አለው፣ ዘውዶቹ ራሶቹ ላይ ናቸው። ምዕራፍ 13 ላይ ከባሕር የሚወጣው አውሬም ሰባት ራስና አሥር ቀንድ አለው፣ ዘውዱ ግን አሥር ነው፣ ቀንዶቹ ላይ። ሁለቱ ይለያያሉ። አውሬው ደግሞ ነብር ይመስላል፣ እግሩ የድብ፣ አፉ የአንበሳ ነው እንጂ ዘንዶ አይደለም። አሠሪው መጽሐፉን ገልጦ ቢቆጥር የምታፍሩት እናንተ ናችሁ። ይህን ዘንዶ የሚጥለው ቅዱስ ሚካኤል ነው፣ ጊዮርጊስን እዚህ አታምጡ።

አራተኛው የሕንዱ ናጋ ነው፣ ራሶቹ ጎን ለጎን እንደ ዣንጥላ የተዘረጉ። ቡድሃ በዝናብ ተቀምጦ ሳለ ሙቻሊንዳ የሚባለው ናጋ ራሱን ዘርግቶ ከለለው። ይጠልላል፣ አይነክስም። ከሃይድራ ጋር ስታምታቱት የቤት ጠባቂን ከሌባ ጋር ማምታታት ነው።

ትንሹ

ባሲሊስክ። ሁሉም ሰው ግዙፍ አድርጎ ነው የሚያሥለው። ሮማዊው ፕሊኒ በ1ኛው ክፍለ ዘመን ስለሱ ሲጽፍ ርዝመቱ ከ12 ጣት ስፋት አይበልጥም ነው ያለው፣ ሃያ ምናምን ሳንቲሜትር። የሚኖረው የዛሬዋ ሊቢያ ውስጥ ነው። ራሱ ላይ ዘውድ የመሰለ ነጭ ምልክት አለው፣ ሲሄድ ደረቱን ቀና አድርጎ ነው፣ ትንፋሹ ሣር ያደርቃል፣ ሌሎች እባቦች ሲያፏጭ ይሸሻሉ። አንድ ፈረሰኛ በጦር ወጋው፣ መርዙ በጦሩ ሽቅብ ወጥቶ ሰውየውንም ፈረሱንም ገደለ ይላል። ፈረስና ጦር ለጊዮርጊስ ሠርቷል፣ እዚህ አይሠራም። ባሲሊስክን የምትገድለው ሙጭልጭላ ናት፣ ጉድጓዱ ውስጥ ሲጥሏት። እሷም አብራ ትሞታለች።

ኮካትሪስ ከሱ ጋር የሚምታታው የመካከለኛው ዘመን ፍጡር ነው። የአውራ ዶሮ ራስና እግር፣ የዘንዶ ጭራና ክንፍ። አውራ ዶሮ እንቁላል ጥሎ እንቁራሪት ወይም እባብ ሲታቀፈው ይወለዳል ይባል ነበር። ሰው ይህንን ከልቡ ያምን ነበር፤ በ1474 ስዊዘርላንድ ባዝል ከተማ እንቁላል ጣለ የተባለ አውራ ዶሮ ፍርድ ቤት ቀርቦ በእሳት ተቃጥሏል። ስለዚህ ዶሮ ፊት ካለው ኮካትሪስ በሉት፣ ዘውድ ያለው ትንሽ እባብ ከሆነ ባሲሊስክ። የዶሮ ጥብስ ቤት ያለው ጓደኛ ካላችሁ የትኛውን እንደሚመርጥ ግልጽ ነው።

ሜዱሳን ከነዚህ ጋር ባልቆጥራት ደስ ይለኛል። ሴት ናት፣ ጸጉሯ ነው እባቡ።

ከሐይቁ የሚወጣ

እዚህ ሀዋሳ ሐይቅ ዳር፣ ፍቅር ሐይቅ አካባቢ ቤት ከፍቶ «ከውሃው የሚወጣ ነገር ሥራልኝ» የሚለኝ ሰው ብዙ ነው። ደግነቱ የውሃ ዘንዶ በዓለም ሞልቷል።

ሌዋታንን ሁሉም ቀድሞ ያነሣል። መጽሐፈ ኢዮብ ምዕራፍ 41 ላይ ያለውን መግለጫ ለሠዓሊ የተጻፈ ነው የሚመስለው፦ ቅርፊቱ ጋሻ በጋሻ ላይ ተጣብቆ፣ ንፋስ እንኳ በመካከሉ አይገባም፣ ከአፍንጫው ጭስ፣ ከአፉ ፍም። ሰይፍ አይሠራበት፣ መንጠቆ አይዘው። የሄኖክ መጽሐፍ ደግሞ ምዕራፍ 60 ላይ ሌዋታን ሴት ናት፣ ከጥልቁ ውሃ ምንጮች በላይ ትኖራለች፣ ወንዱ ብሔሞት የተለየ ምድረ በዳ ተሰጥቶታል ይላል። ሌዋታንን ሰው አይገድላትም፣ ያ የእግዚአብሔር ሥራ ነው። ስለዚህ ሌዋታንን ስታሥሉ ጀግና አጠገቧ አታቁሙ። ብቻዋን፣ ትልቅ፣ ውሃውን እያፈላች። ምግብ ቤት ውስጥ ግን እንጃ። ተሜ ዓሣ ጉላሽ እየበላ ኢዮብን ማስታወስ አይፈልግም።

ለዓሣ ቤት የምመርጥላችሁ ዮርሙንጋንድ ነው፣ የስካንዲኔቪያው። ባሕር ውስጥ ተጥሎ አድጎ አድጎ ምድርን ዙሪያዋን ከብቦ ጭራውን የነከሰ እባብ። ቶር የሚባለው ባለ መዶሻው አምላክ የበሬ ራስ መንጠቆ ላይ ሰክቶ ሊያጠምደው ወጣ። ያዘው! ስዊድን አገር አልቱና የሚባል ቦታ የቆመ ጥንታዊ ድንጋይ ላይ ይሄ ተቀርጿል። ቶር ገመዱን ሲጎትት እግሩ የጀልባዋን ወለል በስቶ ወደ ታች ወጥቷል፣ ከሥር እባቡ። አሞራ ገደል ጠዋት ሄዳችሁ ዓሣ አጥማጅ ከባድ መረብ ሲጎትት አይታችሁ ከሆነ ያቺን ወደ ኋላ ለጠጥ ያለች ወገብ ታውቋታላችሁ። እሷን ሣሉ። መጨረሻቸው ደግሞ፦ በዓለም ፍጻሜ ቶር ይገድለዋል፣ ዘጠኝ እርምጃ ይራመዳል፣ በመርዙ ይወድቃል። ገዳዩን ይዞት የሚሄደው ያልኳችሁ ይሄ ነው።

የግብፁ አፔፕ ውሃም የለውም ማለት ይቻላል፣ ባሕሩ ጨለማ ነው። በየሌሊቱ የፀሐይን ጀልባ ሊውጥ ይነሣል፣ በየሌሊቱ ይወጋል፣ በማግስቱ ደግሞ ይነሣል። ካህናቱ በሰም ምስሉን ሠርተው ይተፉበት፣ ይረግጡት፣ ያቃጥሉት ነበር። የማይሞተው እሱ ነው። ሌሊት ለሚከፍት ቤት አሪፍ ነው፣ ለቁርስ ቤት አይሆንም።

የስኮትላንዱን የሎክ ኔስ ሐይቅ አውሬ የሚጠይቀኝም አለ፣ «ሐይቅ ስላለን» እያለ። ያቺ ረጅም አንገት የምትታይበት የ1934 ታዋቂ ፎቶ አሻንጉሊት ሰርጓጅ መርከብ ላይ የተተከለ ራስ እንደሆነ በ1994 ታውቋል። ከዚያ ውጭ ያለው ብዙው እባብ ያየ በልጥ በረየ ነው። ሐይቃችን ውስጥ ደግሞ እውነተኛ ጉማሬ አለ፣ ስታዩት ይበቃችኋል።

ልጆችን የማያስለቅስ

መዋዕለ ሕፃናት ያላት እህታችን መጥታ «ልጆቹ ዘንዶ ዘንዶ ይሉብኛል፣ ግን እንዳያለቅሱብኝ» ብትል ምን ትሠሩላታላችሁ? ሁሉም ሰው ፈገግ የሚል አረንጓዴ ድራገን ይሥላል። ቀሽም ነው። ደግ ዘንዶ ከጥንትም አለ።

የቻይናው ሎንግ አንዱ ነው። ክንፍ የለውም፣ ግን ይበርራል። ዝናብ ያመጣል። የአጋዘን ቀንድ፣ የዓሣ ቅርፊት፣ የንስር ጥፍር፣ የበሬ ጆሮ አለው። ጥፍሩን ቁጠሩ፦ አምስት ከሆነ የቻይና ንጉሠ ነገሥት ምልክት ነው፣ የጃፓኑ አብዛኛውን ጊዜ ሦስት ነው። ጀግና ጦር ይዞ ሎንግ ላይ ሲዘምት የሚያሳይ ሥዕል ካያችሁ የሣለው ሰው ብዙ ጊዜ ሁለት አገር ቀላቅሏል። የሜክሲኮው ኬትሳልኮአትልም ደግ ነው፣ ቅርፊት ሳይሆን አረንጓዴ ላባ ነው የለበሰው። ቀለም ለሚወድ ሠዓሊ ደስታ ነው።

የኔ ምርጫ ግን ሌላ ነው፣ ብዙ ሰው ያልሰማው። አራት ሺህ ዓመት ገደማ የሆነው የግብፅ ተረት ነው። መርከብ የሰጠመበት አንድ መርከበኛ ብቻውን ደሴት ላይ ይወጣል። ዛፉ ይሰባበራል፣ መሬቱ ይንቀጠቀጣል፣ 30 ክንድ የሚሆን እባብ ይመጣል። ሰውነቱ በወርቅ የተለበጠ፣ ጢሙ ከሁለት ክንድ የሚበልጥ። ሰውየው በፍርሃት ይወድቃል። እባቡ በአፉ አንስቶ ሳይጎዳው ቤቱ ይወስደዋል፣ ያጽናናዋል፣ አይዞህ አገርህ ትገባለህ ይለዋል። የራሱንም ይነግረዋል፦ ከልጆቹና ከወንድሞቹ ጋር 75 ነበሩ፣ ኮከብ ወድቆ ሁሉንም አቃጠለ፣ እሱ በዚያ ሰዓት አብሯቸው አልነበረም። ብቻውን ቀረ። ከዚያ ከርቤና የዝሆን ጥርስ ጭኖ ይሸኘዋል። እባቡ የፑንት ጌታ ነኝ ነው የሚለው፤ ፑንት ደግሞ በዚህ በኛው አፍሪካ ቀንድ በኩል የነበረ የዕጣን አገር ነው የሚሉ ሊቃውንት ብዙ ናቸው። ወርቅ ቅርፊት፣ ረጅም ጢም፣ አጠገቡ ትንሽ ሰውዬ። ልጅ ይህንን አይፈራም፣ ታሪኩን ንገረኝ ነው የሚለው።

ክብ እና በትር

ክንዳቸው ላይ ጭራውን የነከሰ እባብ የሚፈልጉ ወጣቶች በዝተዋል። ሁለት ምርጫ አለ። ኦሮቦሮስ ከሆነ ትርጉሙ መጨረሻ የሌለው ዑደት ነው፤ ከታወቁት ጥንታዊዎቹ አንዱ በ1922 የተገኘው የቱታንክሃሙን መቃብር ውስጥ ያለ ነው። ዮርሙንጋንድም ጭራውን ይነክሳል፣ ግን እሱ ሲለቅ ዓለም ያልቃል። የመጀመሪያው ቀጭንና ንጹሕ ክብ ነው፣ ሁለተኛው ወፍራም፣ የተወጠረ፣ ውስጡ ምድር ያለበት። ለሠዓሊው የቱ እንደሆነ ሳትነግሩት መርፌ አታስነሱት፤ ቀለም ይጠፋል፣ ንቅሳት አይጠፋም።

መድኃኒት ቤት ከፍታችሁ ታፔላ የምታሠሩ ደግሞ ይቺን ያዙ። አንድ እባብ የተጠመጠመበት ተራ በትር የአስክሌጲዮስ ነው፣ የሕክምና። ሁለት እባብና ክንፍ ያለው በትር የሄርሜስ ነው፣ የነጋዴዎችና የመልእክተኞች አምላክ። የአሜሪካ ጦር ሕክምና ክፍል በ1902 ሁለተኛውን ስለወሰደ ብዙ ሰው፣ በተለይ አሜሪካ ውስጥ፣ ያምታታቸዋል። ለመድኃኒት ቤት የሚሄደው ጽዋና አንድ እባብ ነው፣ እባቡ ከጽዋው በላይ ራሱን ቀና አድርጎ። ቀይ አትቀቡት፣ ከሐይቁ በኩል ያለው ፀሐይ ቀይን ቶሎ ያደበዝዘዋል። አረንጓዴ ይሻላል።